ዘመን ተሻግሮ የሚያደምጥ ምሥጢራዊ ማኅበር በጎጃም፦ ለልብ ወለድ ጸሐፊዎች

ያለፈ ዘመን ድምፅ የሚሰሙ ሰዎች፣ በምሥጢር የተያዘ ማኅበር፣ ቦታው ጎጃም። በዚህ ሐሳብ ልብ ወለድ ወይም የሬዲዮ ድራማ ልትጽፉ ለተነሳችሁ፣ በዚሁ ዓይነት ሥራ ስንጽፍና ስናርም የያዝነውን እንካችሁ። ማኅበሩ ፈጠራ ነው። የዘመን ቆጠራው፣ ቦታው፣ የታሪኩ ዓመታትና የቅኔ ቤቱ ወግ ግን እውነት ናቸው፤ ፈጠራው ቆሞ የሚሄደውም በእነሱ ተደግፎ ነው።

ቀድሞ የሚወሰነው የማኅበሩ ስም ወይም ምልክት አይደለም። ቀድሞ የሚወሰነው አድማጮቹ የማይሰሙት ነገር ነው። ሁሉን ዘመን የሚሰማ ሰው ካለ ገዳዩ ማን እንደሆነ፣ መጽሐፉ የት እንደተቀበረ፣ ርስቱ የማን እንደነበረ ሰምቶ ይናገራል፤ ታሪኩም እዚያው ላይ አለቀ። ብዙዎች ይህን ሲረዱ «ኃይሉ አንዳንዴ ይመጣል፣ አንዳንዴ ይጠፋል» ይላሉ። ያ ደግሞ ከሁሉ የከፋ ነው፤ አንባቢው ኃይሉ የሚመጣው ጸሐፊው ሲቸግረው መሆኑን ወዲያው ያውቃል። ገደቡ አንባቢው ራሱ ቁጭ ብሎ ሊያሰላው የሚችል መሆን አለበት። እንዲህ ያለ ገደብ ደግሞ አገር ውስጥ ተዘጋጅቶ ተቀምጧል፤ ባሕረ ሐሳብ ነው፣ የቤተ ክርስቲያን የዘመንና የበዓላት ስሌት።

በባሕረ ሐሳብ ከሚታወቁት ዐውዶች (ዘመን ዞሮ የሚገጥምባቸው ዑደቶች) አራቱን እንጠቀማለን፦ ዐውደ አበቅቴ 19 ዓመት፣ ዐውደ ፀሐይ 28 ዓመት፣ ዐውደ ማኅተም 76 ዓመት፣ ዐውደ ቀመር 532 ዓመት። ሕጉ ይህ ነው፦ አድማጩ የሚሰማው ካለበት ዓመት ወደ ኋላ 19፣ 28፣ 76 ወይም 532 ዓመት የራቀውን ብቻ ነው። እሱንም በዚያው ወር፣ በዚያው ቀን፣ በዚያው ሰዓት፣ ድምፁ በወጣበት ቦታ ላይ ቆሞ ነው። ያያል የሚባል ነገር የለም፤ የሚሰማው ድምፅ ብቻ ነው። ጎጃምን በሦስት ወገን የከበበውን ዓባይን ከተሻገረ ደግሞ ጆሮው እንደማንኛውም ሰው ጆሮ ይሆናል።

አራቱ ርቀቶች ጠባያቸው አንድ አይደለም፤ ልዩነታቸውን አጥርቶ ማወቅ ብዙ ያስገኛል። በ19 ዓመት ጨረቃ ወደ ቀድሞ ቀኗ ትመለሳለች፤ የሳምንቱ ዕለትና ወንጌላዊው ግን ይለወጣሉ። በ28 ዓመት ዕለቱም ወንጌላዊውም ይገጥማሉ፣ ጨረቃዋ ግን አትገጥምም። 76 ማለት 19 አራት ጊዜ ነው፤ ጨረቃውና ወንጌላዊው ይገጥማሉ፣ ዕለቱ አይገጥምም። 532 ደግሞ 19 በ28 ተባዝቶ የተገኘ ስለሆነ ሁሉም ይገጥማል፤ ዕለቱ፣ ወንጌላዊው፣ ጨረቃው፣ ጾሙ፣ ፋሲካው ሳይቀር።

አንድ ዓመት ይዘን እንሥራው። ታሪኩ በ1960 ዓ.ም. ሞጣ አካባቢ ነው እንበል፤ በሞጣ፣ በቢቸናና በዳሞት ገበሬው የእርሻ ገቢ ግብርን ተቃውሞ የተነሳበት ዓመት። አድማጩ የሚሰማቸው ዓመታት 1941፣ 1932፣ 1884 እና 1428 ይሆናሉ። እነዚህ እንዲሁ የተጻፉ ቁጥሮች አይደሉም። 1932 ጣሊያን ደብረ ማርቆስን ይዞ አርበኛው በየቆላው የሚዋጋበት ዓመት ነው። 1884 የክፉ ቀን ማብቂያ ነው። 1428 ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ ከነገሡ ገና የመጀመሪያዎቹ ዓመታት ናቸው። ግብር አልከፍልም ብሎ መሣሪያ ያነሳ ገበሬ በ28 ዓመት ርቀት አባቱ በዚያው ጋራ ላይ ሲተኩስ፣ በ76 ዓመት ርቀት ቅድመ አያቱ ሲራብ ይሰማል። ቁጥሩ ራሱ የታሪኩን አጥንት ሠርቶ ይሰጣል።

ስሌቱ የሚሠራው እንዲህ ነው። ዓመተ ምሕረቱ ላይ 5500 ደምሩ፤ 1960 ሲሆን 7460 ይመጣል፣ ይህ ዓመተ ዓለም ነው። ለ19 ስታካፍሉት 12 ይተርፋል፤ መደቡ ይህ ነው። አንድ ቀንሱለት፣ ወንበሩ 11። (ትራፊው ዜሮ ከሆነ ወንበሩ 18 ነው።) ወንበሩን በ11 አባዙ፣ 121፤ ለ30 ሲካፈል 1 ይተርፋል፣ አበቅቴ (የፀሐይና የጨረቃ ዓመት ልዩነት) 1። ወንበሩን በ19 አባዙ፣ 209፤ ለ30 ሲካፈል 29 ይተርፋል፣ መጥቅዕ (በዓላቱ የሚወጡበት ቁጥር) 29። ወንበሩ ዜሮ ካልሆነ በቀር፣ አበቅቴና መጥቅዕ ሲደመሩ 30 ካልመጡ ስሌታችሁ ላይ ስሕተት አለ፣ እንደገና ጀምሩ።

ዕለቱን ለማግኘት ዓመተ ዓለሙን ለ4 አካፍሉ፤ 1865 ይደርሳል፣ ትራፊ የለውም፤ ስለዚህ ዘመኑ ዮሐንስ ነው። (1 ቢተርፍ ማቴዎስ፣ 2 ማርቆስ፣ 3 ሉቃስ።) 7460 እና 1865ን ደምሩ፣ 9325፤ ለ7 ሲካፈል 1 ይተርፋል። አንድ ማክሰኞ፣ ሁለት ረቡዕ እያለ ይቀጥላል። መስከረም 1 ቀን 1960 ማክሰኞ ነበር። መጥቅዑ ከ14 በላይ ስለሆነ በዓለ መጥቅዕ በመስከረም ይውላል፤ መስከረም 29፣ እሱም ማክሰኞ። የማክሰኞ ተውሳክ (ለየዕለቱ የተመደበ ተደማሪ ቁጥር) 5 ነው፤ 29 ሲደመርበት 34፣ ሠላሳው ሲወጣ 4 ይቀራል፤ ከ30 ስላለፈም ከጥር ወደ የካቲት ይሻገራል። ነነዌ የካቲት 4 ሰኞ ገባች። ከዚያ 69 ቀን ወደፊት ሲቆጠር ፋሲካ ሚያዝያ 13 ዋለ።

ይህን ሁሉ ልፋት የሚክሰው ቀጥሎ ያለው ነው። ከአምስቱ ዓመታት የፋሲካ ቀናትን አውጥታችሁ ጎን ለጎን አስቀምጡ፦ በ1960 ሚያዝያ 13፣ በ1941 ሚያዝያ 16፣ በ1932 ሚያዝያ 20፣ በ1884 ሚያዝያ 10፣ በ1428 ሚያዝያ 13። ድምፅ ዓመቱን አይናገርም። አንድ ሰው በሚያዝያ መጨረሻ «ፋሲካ በዐሥር ዋለ» ቢል ግን የማኅበሩ ዘመን ቆጣሪ ዓመቱን ያውቀዋል። ሁለቱ ሚያዝያ 13ዎች ደግሞ የማኅበሩ ትልቁ አደጋ ናቸው። በ532 ዓመት ርቀት ያለው ድምፅ በቀን መቁጠሪያ ከአድማጩ ከራሱ ዓመት ሊለይ አይችልም። ከአጥር ወዲያ የሚያወራ ጎረቤት የጥንት ሰው መስሎ ሊያሳስት ይችላል፤ የጥንቱም እንደ ጎረቤት ሊታለፍ ይችላል። በዚህ ስሕተት ብቻ አንድ ሙሉ ክፍል ይጻፋል።

ጳጉሜን አትርሷት። በዘመነ ሉቃስ ጳጉሜ 6 ቀን ትሆናለች። በ1959 ጳጉሜ 6 ላይ የቆመ አድማጭ 19 ዓመት ወደ ኋላ ሲሄድ 1940 ያገኛል፤ 1940 ዘመነ ዮሐንስ ስለሆነ ያ ቀን ጨርሶ የለም። የ19 ዓመቱ ጆሮ ያን ዕለት ዝም ይላል። የ28፣ የ76 እና የ532 ግን ይሠራሉ፤ በእነዚያ ዓመታትም ሉቃስ ነውና። የሞተ ልጇን ድምፅ በ19 ዓመት ርቀት የምትሰማ እናት በዚያ ቀን ምን እንደምትሆን ለእናንተ እንተዋለን።

ከ532 ሌላ የሩቅ ዘመን ለመድረስ ቅብብል ይሠራል። በ1884 የነበረ አድማጭ ከ1808 የሰማውን ጮክ ብሎ ቢደግመው የ1960ው ይሰማዋል። ይህ በር ሲከፈት ልክ አብጁለት፤ እኛ ከሦስት ቅብብል አናሳልፍም። በየቅብብሉ ስም ይዛባል፣ ቁጥር ይወድቃል፣ የሰሚው አስተያየት ይገባበታል። ለምሳሌ ስኮትላንዳዊው ጄምስ ብሩስ ሰከላ፣ ግሽ ዓባይ ምንጭ ላይ የቆመው እ.ኤ.አ. ኖቬምበር 4 ቀን 1770 ነው። በእኛ 1763 ዓ.ም. ነው። 76 እየተደመረ 1839፣ 1915፣ 1991 ይመጣል። የ1991 አድማጭ የብሩስን ዕለት በሦስት አፍ ያለፈ ሆኖ ያገኘዋል ማለት ነው። እዚህ ላይ አንድ ወጥመድ አለ። ዛሬ ኖቬምበር 4 ጥቅምት 25 ላይ ይውላል፤ ብዙ ጸሐፊ ይህንኑ ወደ ኋላ ይወስደዋል። በዚያ ክፍለ ዘመን ግን በሁለቱ አቆጣጠር መካከል ያለው ልዩነት ከዛሬው በሁለት ቀን ያንስ ስለነበር ትክክለኛው ጥቅምት 27 ነው። ጥቅምት 27 ደግሞ የመድኃኔ ዓለም ዓመታዊ በዓል ነው፤ ምንጩ አካባቢ የሚሰማው ድምፅ ሌላ ይሆናል። ከ1582 በፊት የሆነ የአውሮፓ ቀን ሲገጥማችሁ ደግሞ የተጻፈው በጁልየስ አቆጣጠር ነው፤ በዚያ አቆጣጠር መስከረም 1 ኦገስት 29 ነው፣ ከሉቃስ ቀጥሎ ባለው ዓመት ኦገስት 30።

አሁን ምሥጢሩ። ለምን ይደበቃሉ? ከውጭ በመጣ ታሪክ ውስጥ መልሱ ብዙ ጊዜ ዓለምን ሊገዛ የሚፈልግ ክፉ ድርጅት ነው። ለጎጃም እንዲህ ያለ ምክንያት አያስፈልግም፤ ርስት አለ። ርስት የሚጠየቀው ከአቅኚው አባት የዘር ሐረግ እየተቆጠረ ነው፤ ክርክሩ የሚያርፈው በሽማግሌ ትውስታ ላይ ነው። ቅድመ አያት ድንበር ሲያካልል ምን እንዳለ ሰምቶ የሚመሰክር ሰው ቢኖር የጎጃም ባለርስት ሁሉ ደጁ ላይ ያድራል፤ የተረታውም ጠመንጃ ይዞ ይመጣል። ማኅበሩን የሚያሳድደው ይህ ነው። ስለዚህ የማኅበሩ የመጀመሪያ ሕግ «ለርስት አይደመጥም» ይሁን፤ ታሪኩም ይህን ሕግ የሚያፈርስ አንድ ባለችግር አባል ሲገኝ ይጀምር። ጥሩ አባል ይሁን፤ መሬቱን በግፍ የተነጠቀ፣ እውነቱ ከእሱ ጋር ያለ። በ1960 ደግሞ ግብሩ መሬት ያስለካል፣ ርስት ያስነጥቃል የሚል ሥጋት ስለነበረ ሕጉን ለማፍረስ ያለው ግፊት እጥፍ ነው። የካቲት 25 ቀን 1967 የወጣው የገጠር መሬት አዋጅ ርስትን ስላስቀረ፣ ከዚያ በኋላ ለሚሆን ታሪክ ሌላ የምሥጢር ምክንያት ፈልጉ። እኛ የሚመስለን ከዚያ በኋላ ሰው የሚፈራው በ19 ዓመት ርቀት ያለ የጎረቤት ጥቆማ ነው።

መደበቂያው ቀላል ነው። ዋሻና የምድር ውስጥ አዳራሽ ተዉት፤ በገጠር ጎጃም ሰው ዋሻ ገብቶ ወጥቶ የማይታይበት ቀን የለም። ማኅበሩ ተራ የጽዋ ማኅበር ይሁን። በየወሩ በአንድ ጻድቅ ወይም ሰማዕት ቀን በተራ በየቤቱ ይሰበሰባሉ፤ ዳቦ አለ፣ ጠላ አለ፣ ሙሴ የሚባል መሪ አለ፣ ጽዋው ወደ ተረኛው ይተላለፋል። ዐሥራ ሁለት ሰው በአንድ ቤት ለምን ተሰበሰበ ብሎ የሚጠይቅ ማንም የለም። ሌላ ማዕረግ አትጨምሩ። ሰባት እርከን ያለው ሹመት ሲነበብ ያደክማል፣ ጸሐፊውም ራሱ ይረሳዋል።

ከዐሥራ ሁለቱ ሥራ የሚሠሩት አምስት ናቸው፦ አድማጭ፣ ቆጣሪ፣ ጸሐፊ፣ ተርጓሚ፣ ጠባቂ። ቆጣሪው መሪጌታ ቢሆን ያምራል፣ ባሕረ ሐሳብ እጁ ላይ ነውና። ለአድማጭነት እማሆይ እንመርጣለን፤ የመነኮሰች ሴት ሌሊት ቤተ ክርስቲያን አካባቢ ብትቆም አታጠያይቅም። አንድ ነገር ግን አጥብቀን እንለምናለን፦ አድማጩን ጠንቋይ፣ ባለዛር ወይም ቡዳ አታድርጉ። የደብተራ ድግምትም አታስገቡ። አንባቢው ወዲያው መስተፋቅርና መድኃኒት ያስባል፣ ማድመጡ ይጠፋል። በቡዳ ስም ደግሞ ሰው ዛሬም ይገለላል፤ በዚያ ቁስል ላይ ታሪክ መሥራት አይገባም።

የማድመጡ ሥርዓት እንዲህ ይሁን። ከዋዜማው ቆጣሪው አራቱን ዓመታትና ያን ዕለት በእያንዳንዱ የሚውለውን ጾም ወይም በዓል አውጥቶ ለጸሐፊው ብቻ ይሰጣል። ለአድማጩ አይነገርም፤ ከተነገረው የሚጠብቀውን ይሰማል። አድማጩ ያን ቀን እስከ 9 ሰዓት ይጾማል። ከሌሊቱ 9 ሰዓት ላይ፣ ጅብ አፉን ዘግቶ ዶሮ ገና ሳይጮኽ፣ በባዶ እግሩ ቦታው ላይ ይቆማል። ጊዜ የሚለካው በጧፍ ነው። ለ19 ዓመቱ አራት ጣት፣ ለ28 ሦስት ጣት፣ ለ76 ሁለት ጣት፣ ለ532 አንድ ጣት ጧፍ እስኪነድ። ከቅርቡ ይጀመራል፤ የቅርቡ ጎላ ይላል፣ የሩቁ ይሳሳል። ከሩቁ የጀመረ አድማጭ በ532 ጸጥታ ተስሎ የነበረ ጆሮው በ19ኙ ጩኸት ይመታና ያን ሌሊት ሌላ አይሰማም።

ጸሐፊው ብራናውን በሦስት ዓምድ ይከፍላል፦ የተሰማ ድምፅ፣ የተሰማ ቃል፣ ጥርጣሬ። ሦስተኛው ዓምድ ባዶ የቀረበት መዝገብ እንደማይታመን አድርጉ።

በቦታው ላይ ማንም አይናገርም። ምክንያቱ ሥርዓት ለማክበር ብቻ አይደለም። የሚሰማ ሁሉ ይሰማል፤ ዛሬ እዚያ ቦታ የተነገረ ቃል 19፣ 28፣ 76 እና 532 ዓመት ወደፊት ላለው አድማጭ ክፍት ነው። ወደ ኋላ መናገር አይቻልም፣ ወደፊት ግን ይቻላል። የማኅበሩ መላው የመልእክት ሥርዓት ከዚህ ይወጣል። በ1884 የሚሞት አንድ ጸሐፊ ብራናዎቹን የት እንዳስቀመጠ ሊያስተላልፍ ቢፈልግ፣ ቀኑንና ቦታውን መርጦ ጮክ ብሎ መናገር ብቻ ነው ያለበት፤ ከ76 ዓመት በኋላ በዚያች ሌሊት እዚያ የሚቆም ሰው ይኑር አይኑር ግን ሳያውቅ ይሞታል። ቀኑን አስቀድሞ የሚያስታውቅ የጽሑፍ ምልክት ከሌለ መልእክቱ ይባክናል። ምልክቱ ምን ላይ እንደሚቀመጥ ቀጥሎ እንመጣበታለን።

ዋጋውም መወሰን አለበት። የ532ቱን ጧፍ ያስጨረሰ አድማጭ እስከሚቀጥለው ሠርቀ ወርኅ የዘመኑን ሰው ድምፅ አይሰማም ብለን ይዘናል። ልጅ ሲያለቅስ፣ ደወል ሲደወል አይሰማም። ይህ ዋጋ በድብቁ ላይም ይሠራል፤ በየጊዜው የምትደነቁር መነኩሲት ወሬ ትሆናለችና ማኅበሩ በዓመት ከአንድ ጊዜ በላይ ሩቁን አይደፍርም።

የድምፁ ይዘት ላይ ብዙ ጸሐፊ ይወድቃል። የ1884 ሰው «በዚህ የረሃብ ዘመን» ብሎ አያወራም። ረሃቡን የሚነግረው የጎደለው ድምፅ ነው። የከብት በሽታው አብዛኛውን የቀንድ ከብት ስለፈጀ በማለዳ በሬ አያገሳም፣ የገበሬው ጅራፍ አይጮኽም፣ ጥጃ እናቱን አይጠራም። ሰው መሬቱን በእጅ ይቆፍራል። አድማጯ ከቦታው ርቀው ከሄዱ በኋላ ቆጣሪው ሲጠይቃቸው ልውውጡ እንዲህ ሊሆን ይችላል፦

«እማሆይ፣ ምን ሰሙ?»

«ሰው ያወራል። ከብት ግን የለ።»

«ጅራፍስ?»

«ጅራፍም የለ። መቆፈሪያ ድንጋይ ሲነካ ሰማሁ። ደክሞታል ሰውዬው።»

«ቀን ጠርተዋል?»

«አንዱ ‹ፋሲካ በዐሥር ዋለ፣ የበላነው ግን የለ› ሲል ሰማሁ።»

«ይበቃል እማሆይ። ይረፉ።»

ቆጣሪው ዓመቱን ለእማሆይ አልነገራቸውም። አንባቢው ከላይ ያሉትን ቀናት ከያዘ ግን ቀድሞት ያውቀዋል፤ የዚህ ዓይነት ታሪክ ደስታው እዚያ ነው።

1932ን የሚለዩት አውሮፕላን፣ የካሚዮን ሞተርና በጣሊያንኛ የሚሰጥ ትእዛዝ ናቸው። በዚያ ዓመት ነሐሴ የእንግሊዛዊው ኮሎኔል ሳንድፎርድ ጓድ፣ ሚሽን 101 የተባለው፣ ከሱዳን ጎጃም ገብቷል፤ የሬዲዮ መልእክት ሲላክ የሚሰማውን የጢጥ ድምፅ ሰምታ ምን እንደሆነ ያጣች አድማጭ ብትኖር እውነትነት አለው።

1428ን ወይም ሌላ የ532 ዓመት ስትጽፉ የምታወጡት ከምታስገቡት ይበልጣል። ጥይት የለም። በርበሬና በቆሎ ከአሜሪካ ምድር የመጡ ስለሆኑ ገና አልደረሱም፤ «ድቁስ አምጪ» የምትል እናት እዚያ ልትኖር አትችልም። ባሕር ዛፍ የመጣው በዐፄ ምኒልክ ዘመን ነው፤ ነፋሱ የሚያንሾካሽከው በጽድና በወይራ ነው። ጠገራ ብር የለም፣ አሞሌ ጨው አለ። ደብረ ማርቆስ የሚባል ከተማ የለም፤ ከተማው ንጉሥ ተክለ ሃይማኖት የማርቆስን ቤተ ክርስቲያን እስኪያሠሩ ድረስ መንቆረር ይባል ነበር፣ በ1428 ደግሞ መንቆረርም ገና አልተቆረቆረ። ሰባራ ድልድይም የፋሲል ዘመን ሥራ ነው፤ ከዚያ በፊት እዚያ ዓባይ ዳር የሚሰማው ሰው ድልድይ ሲሻገር ሳይሆን ውሃ ሲዋኝ ነው። የሰዓት ቁጥርም አታስነግሩ፤ «ዶሮ ሳይጮኽ» ወይም ጥላ በእግር ተለክቶ ይነገር።

ቋንቋው ብቻውን ትልቅ ጉዳይ ነው። በዚያ ዘመን የጎጃም አፍ ሁሉ አማርኛ አልነበረም። በምዕራቡ አገውኛ ይነገር ነበር፤ ዛሬም በእንጅባራና በዳንግላ በኩል አዊዎች ይናገሩታል። በደቡብ፣ ዓባይ አጠገብ፣ ጋፋትኛ ነበር። የቋንቋ ተመራማሪው ቮልፍ ሌስላው እ.ኤ.አ. በ1947 ለጥናት ሲሄድ ጋፋትኛ የሚናገሩ አራት ሰዎች ብቻ ነበር ያገኘው። ይህን አስቡት፤ የ1960 አድማጭ ከ1428 ጥርት ያለ ድምፅ ይሰማል፣ የሚተረጉምለት ሰው ግን በምድር ላይ ያጣል። ተርጓሚው በማኅበሩ ውስጥ አምስተኛ ሠራተኛ የሆነው ለዚህ ነው፤ አገውኛ የሚያውቅ አዊ ይሁን፣ ጋፋትኛውም ሲመጣ አቅሙ የሚያልቅበት። ለጥንቱ አማርኛ ደግሞ ለእነ ዐፄ ዐምደ ጽዮንና ለእነ ዐፄ ይስሐቅ የተዘፈኑት የነገሥታት መዝሙሮች ተጽፈው ስለቆዩ እነሱን አንብቡ። ሁለት ሦስት የጥንት ቃል በአንድ ንግግር ይበቃል፤ ከዚያ በላይ ሲሆን አንባቢው ታሪኩን ትቶ መዝገበ ቃላት ይፈልጋል።

መዝገቡ የሚደበቀው በቅኔ ነው። ጎጃም የእነ ዋሸራ፣ የእነ ጎንጅ፣ የእነ ዲማ ቅኔ ቤቶች አገር ስለሆነ ከዚህ የተሻለ ምሥጢር መያዣ የለም። ሰሙ ለቅዱሱ ምስጋና ይሆናል፤ ወርቁ የሚቀጥለውን የማድመጫ ቀንና ቦታ ይይዛል። በቃል የሚያዝ ስለሆነ ብራናው ቢቃጠልም አይጠፋም፤ የ1884ው ሟችም ምልክቱን የሚተወው በዚህ ነው። መጠኑን አትሳቱ። ጉባኤ ቃና ሁለት ቤት ብቻ ስለሆነች ቀንና ወር እንጂ ሌላ አትሸከምም። አምስት ቤት ያላት ዋዜማ ቦታውንም ትጨምራለች። ዓመቱን፣ ቦታውን፣ ሰዓቱንና የተናጋሪውን ስም በአንድ ለማሳደር ስምንት ቤት ያለው መወድስ ያስፈልጋል። ቅኔውን ራሳችሁ በግእዝ መቁጠር ካልቻላችሁ ግን አትሞክሩት። ቤቱ የተዛባ ቅኔ የጎጃም አንባቢ በአንድ ዓይን ያየዋል፣ ከዚያ በኋላ ሌላውንም አያምናችሁም። ፍቺውን ብቻ በአማርኛ አቅርቡ፤ የኔታ ለተማሪው ወርቁን ሲነግሩት፣ ተማሪው ደግሞ ወርቁ ውስጥ ያለውን ቁጥር ሳያውቀው ሲያልፍ።

ስለ ቦታ ሁለት ነገር ብቻ እንበል። ጢስ ዓባይ ያማረ ስለሆነ ሁሉም እዚያ ሊያደምጥ ይወዳል፤ ግን መጥፎ ቦታ ነው። የመጀመሪያው የኃይል ማመንጫ በ1956፣ ሁለተኛው በ1993 ውሃውን መጥለፍ ስለጀመሩ ዛሬ ፏፏቴው ጸጥ የሚልባቸው ቀናት አሉ፤ የሚደመጠው ግን የጥንቱ ፏፏቴ ነው፣ የሰው ድምፅ አያሳልፍም። በነሐሴና በመስከረም ጨርሶ ተስፋ የለውም። ጥሩ ቦታ ማለት ሰው በአንድ ስፍራ ለረጅም ዘመን ሳይቀይር የቆመበት ነው፦ የቤተ ክርስቲያን ቅጽር በር፣ የውሃ መውረጃ መንገድ፣ ሽማግሌ የሚቀመጥበት ዋርካ። ቤተ ክርስቲያኑ ከቦታው የተነሳ ከሆነ የቀድሞውን ስፍራ አጣሩ፤ አድማጩ መቶ እርምጃ ቢስት የሚሰማው ነፋስ ነው።

ዓመት ገና ካልመረጣችሁ፣ የታሪኩን ዘመን ሳይሆን መሰማት ያለበትን ዘመን ቀድማችሁ ያዙና ደምሩ። ጣሊያን ሲገባ የነበረው 1928 መሰማት አለበት ካላችሁ አድማጩ በ1947፣ በ1956፣ በ2004 ወይም በ2460 ይቆማል። ለ2018 የምትጽፉ ከሆነ የሚሰሙት 1999፣ 1990፣ 1942 እና 1486 ናቸው፤ የመጨረሻው የዐፄ እስክንድር ዘመን ማብቂያ ነው። የመረጣችሁትን ዓመት አበቅቴ፣ መጥቅዕ፣ የመስከረም 1 ዕለትና ፋሲካ በአንድ ወረቀት ላይ አውጡና፣ አንድ ምዕራፍ ከመጻፋችሁ በፊት ባሕረ ሐሳብ ለሚያውቅ መሪጌታ አሳዩ።